ሁለቱንም ወረቀት የጻፍሁት እኔ ነኝ

ቤይሩት ውስጥ ከእኔ የተሻለ አማርኛ የሚጽፍ ሰው የለም። ይህን የምለው ለጉራ አይደለም፤ የሚያውቁኝ ይመሰክራሉ። አስተማሪ አልነበረኝም። ፊደል የለየሁት አሰብ ወደብ ጆንያ ስሸከም፣ ጆንያው ላይ የታተመውን እየጠየቅሁ ነው። ዐረብኛውን ከጋዜጣ፣ ፈረንሳይኛውን ከሰው አፍ ለቀምሁት። በመርከብ መጥቼ እዚህ አገር ስቀር ገና ጢም አላበቀልሁም ነበር፤ አሁን ሰባን አልፌአለሁ።

እንጀራዬ ናጡርነት ነው፤ የሕንፃ ዘበኝነት ማለቴ ነው። ዛልቃ ውስጥ፣ ከአውራ ጎዳናው ትንሽ ገባ ብሎ፣ ባለ ስምንት ፎቅ ሕንፃ እጠብቃለሁ። ደረጃ እጠርጋለሁ፣ ታንከር እሞላለሁ፣ መብራት ሲሄድ ሞተር አስነሣለሁ። ይህ የእጄ ሥራ ነው። የጭንቅላቴ ሥራ ከደረጃው ሥር ባለችው ክፍሌ ውስጥ ነው። እሑድ እሑድ ያገሬ ልጆች እዚያ ይሰለፋሉ፤ ውክልና፣ ውል፣ አቤቱታ፣ የእርቅ ደብዳቤ እጽፍላቸዋለሁ። የፍትሐ ብሔሩንም የወንጀለኛውንም ሕግ ከአገር ቤት አስመጥቼ ሽፋናቸው እስኪገነጠል አንብቤአቸዋለሁ። ትምህርት ቤት የጨረሱ ሰዎች ያልገባቸውን አንቀጽ አስረድቼ አውቃለሁ። ደግሞ አንድ ደንብ አለኝ፤ ስርዝ ድልዝ ያለበት ወረቀት ከእጄ አይወጣም።

አሁን የምነግራችሁ ነገር ከዚህ ደንብ የመጣ ነው። ብዙ ሰው ወሬውን በሌላ መልክ ሰምቶታል፤ እንደሆነው የማውቀው እኔ ስለሆንሁ እኔው ልጻፈው ብያለሁ።

የሺን እዚህ ያለ ሰው ሁሉ የሚያውቃት የሺ ብሎ ነው። ባዕብዳ፣ አንድ ቤት ውስጥ ዐሥራ ሰባት ዓመት ሠርታለች። የማዳሟን፣ የአሠሪዋን ልጆች አሳድጋ፣ አግብተው ሲወጡ አይታለች። ዝምተኛ ናት፤ ስትስቅ አፏን በእጇ ትሸፍናለች። ከኮምቦልቻ ወጣ ብላ ባለች ትንሽ ከተማ፣ በአባቷ በኩል ቦታ ገዝታ አንዲት ክፍል አሠርታበት ነበር። እናቷ ዓይናቸውን ታመሙና ለማሳከሚያ ልትሸጠው ተነሣች። ገዢዋ ከድጃ ናት። ከድጃ የወሎ ልጅ፣ የዚያው አካባቢ ሰው ናት፤ ጠሪቅ ኤል ጅዲዴ ቤት ተከራይታ በየሰው ቤት በሰዓት ታጸዳለች። ሁለቱ ሴቶች አሥር ዓመት የተዋወቁ፣ በየጾሙ በየበዓሉ የሚጠያየቁ ጓደኞች ነበሩ። ከድጃ ቦታውን የፈለገችው አገር ቤት ላለው ወንድሟ፣ ለሰዒድ ነው።

ውሉን እኔ ጻፍሁ። አራት ገጽ ነው፤ መስመሩ በክር የተለካ ይመስላል። ከድጃ ለምስክሮቹ ጁስ ልትገዛ ወጣ ስትል ለየሺ ጮክ ብዬ አነበብሁላት። «ሻጭ ወይዘሮ የሺ ይመር» ስል ጉሮሮዋን ጠረገች።

«ጋሼ፣ ካርታው ላይ ያለው ስም ግን ሌላ ነው» አለችኝ፣ ድምጿን ዝቅ አድርጋ።

«ማን ይላል?»

«ጥሩወርቅ ይመር። የኔ ስም እሱ ነው። የሺ የፓስፖርቱ ነው።»

«ኢቃማሽ፣ የመኖሪያ ፈቃድሽ ላይ ምን ይላል?»

«የሺ።»

«ፓስፖርትሽስ?»

«የሺ።»

«ኸላስ፣ በቃ! ሕግ የሚያውቀው ፓስፖርት ነው። አገር ቤት ማን ብለው እንደሚጠሩሽ ሕግ ምን አገባው?»

«ሁለቱንም ቢጽፏቸውስ ጋሼ? የሺ ወይም ጥሩወርቅ ቢሉት?»

ወረቀቱን አየሁት። ሁለተኛውን ስም ለማስገባት ወይ መሰረዝ አለብኝ፣ ወይ አራቱን ገጽ እንደገና መገልበጥ አለብኝ። ሦስት ቀን የለፋሁበት ጽሕፈት ነው። «ልጄ፣ እኔ አርባ ዓመት ጽፌአለሁ» አልኋት። «ጣትሽን አምጪ።» ጣቷን አመጣች። ቀለሙን ነክራ ፈረመች።

በሌላ ስም የመጡ ልጆች እዚህ ብዙ ናቸው። ዕድሜ ስለማይደርስ፣ ወይ ደላላው ይሻላል ስላለ፣ የማያውቁትን ስም ተሸክመው ይመጣሉ። ይህን ከማንም በላይ አውቃለሁ። የማን ስም እንደሆነ ግን አልጠየቅኋትም።

አባቷ አቶ ይመር ማንበብ አይችሉም። ልጃቸው በስልክ «ሽጫለሁ፣ ቁልፉን ስጥ» ስትላቸው ለሰዒድ ቁልፉን አስረከቡ። ሰዒድ ልጆቹን ይዞ ገባ። የእናትየውም ዓይን ታከመ። ሁሉም ደስ አለው።

ሙቀቱ የጠናበት ወር ላይ ከድጃ ሻሿ ትከሻዋ ላይ ወድቆ እየሮጠች መጣች።

«ጋሼ፣ ጉድ ሆንኩልዎ! ሰዒድ ካርታውን ሊያዞር ማዘጋጃ ቤት ቢሄድ፣ ካርታው በየሺ ስም አይደለም አሉት።»

«በማን ስም ነው ታዲያ?»

«እሱን ተዉት! የባሰውን ይስሙ። ጸሐፊው ያገሩ ሰው ነው፤ ስሟን ሲያይ ምን ቢል ጥሩ ነው? ‹የሺ ይመር? የአቶ ይመር ልጅ? እሷማ በልጅነቷ ሞታለች፤ ቀብሯ ላይ ቆሜአለሁ› አለው። ወላሂ! የሞተ ሰው ሸጠልኝ! ያቺ አብራኝ የምትበላው ማናት ታዲያ?»

«ደወልሽላት?»

«ዝግ ነው። ጠፍታለች።»

አልጠፋችም ነበር። በሙቀቱ ጊዜ ቤተሰቡ ተራራ ላይ ወዳለው ቤቱ ሲወጣ ማዳሟ ስልኳን ትሰበስባለች፤ በየዓመቱ እንዲህ ነው። ይህንንም አውቅ ነበር። «ጋሼ፣ አቤቱታ ይጻፉልኝ» ስትለኝ ግን እጄ ወደ ብዕሩ ሄደ።

ያን አቤቱታ ብታነቡት! «ተጠርጣሪው አቶ ይመር ከዚህ ዓለም የተለየች ልጁን ስም ከመቃብር ቀስቅሶ፣ በሙት ስም ሕያው ንብረት በመሸጥ፣ ያልጠረጠረች ሠራተኛ የላቧን ፍሬ እንድታጣ አድርጓል።» ከዚያ የማታለል ወንጀልን አንቀጽ ጠቀስሁ። ሦስት ጊዜ ለራሴ አነበብሁት። በስልክ የላክንለትን ፎቶ ሰዒድ አሳትሞ ፖሊስ ጣቢያ ሲሰጥ መርማሪው «የትኛው ጠበቃ ነው የጻፈው?» አለ ብላ ከድጃ ነገረችኝ። ሳምንቱን ሙሉ ደረቴን ነፍቼ ሰነበትሁ።

ስጽፍ የየሺ ቃል ትዝ አላለህም ወይ ትሉኝ ይሆናል። ትዝ ብሎኛል። «በሙት ስም ሕያው ንብረት» የሚለውን ሐረግ ስጨርስ፣ ያ «ጥሩወርቅ» የሚል ስም አንድ ጊዜ ብልጭ ብሎብኛል። ሐረጉ በጣም አማረኝና አለፍሁት።

አቶ ይመር ተያዙ። «የሺ ይመር የምትባል ልጅ አለችዎት?» ተባሉ። «ነበረችኝ፤ ሞታለች» አሉ። ከዚያ በኋላ አንድ ቃል አልወጣቸውም። ለመርማሪው ይህ ጥፋተኝነትን እንደ ማመን ነበር። ሰኞ ጧት ፍርድ ቤት ሊቀርቡ፣ ዐቃቤ ሕጉም ክሱን ሊያነብባቸው ቀጠሮ ተያዘ። የሰባ አራት ዓመት ሰው ናቸው፤ ደረታቸውን ያፍናቸዋል።

እሑዱ የሰኞው ዋዜማ ነው። ከድጃን አቤቱታው ላይ የምጨምረው አለ ብዬ ጠርቻት ክፍሌ ውስጥ ተቀምጣለች። ከጧቱ አራት ሰዓት ላይ በሩ ተንኳኳ፤ የሺ ናት። ፊቷ ተለዋውጧል። ከተራራው ወርደው ማዳሟ ስልኳን መልሳ ለቤተ ክርስቲያን ብላ ለቅቃታለች፤ ስልኩን ስትከፍት የእናቷን መልእክት አገኘች።

«ብቅ አልሽ?» አለቻት ከድጃ። «የትኛዋ ነሽ ዛሬ? የሞተችዋ ወይስ ያለችዋ?»

«ከዱዬ፣ ስሚኝ። አባቴን አሰሩብኝ።»

«ታዲያ አታላይ የት ይቀመጥልሽ? ሳሎን?»

«አላታለለሽም። እኔም አላታለልኩሽም።» የሺ ቆማ ነው የምትናገረው፤ ተቀመጪ ያላት የለም። «የሺ ታላቅ እህቴ ናት። እኔ ጥሩወርቅ ነኝ። ስመጣ ዐሥራ አምስት ዓመቴ ነበር፣ አይሆንም አሉኝ። አባቴ በሟቿ በእህቴ ስም መታወቂያ አወጣልኝ። ካርታው በራሴ ስም ነው። ቦታውም የራሴ ነው። የሸጥኩልሽ እኔው ነኝ፤ ያኒ፣ ማለቴ፣ ማንም የቀማሽ ነገር የለም።»

ከድጃ የሺን ቀና ብላ አየቻት። ዓይኗ ላይ ልትቀበለው እንደምትፈልግ አየሁ። «ይህን ሁሉ ታዲያ ያን ቀን ለምን አልተናገርሽም?»

የሺ እኔን አየችኝ። «ለጋሼ ነግሬያቸው ነበር።»

ሁለቱም ወደ እኔ ዞሩ። ይህችን ቅጽበት በደንብ አውቃታለሁ፤ ብዙ ጊዜ ተመልሼ አይቻታለሁ። «አዎ፣ ነግራኛለች» ብል ሁሉም ነገር እዚያው ያልቅ ነበር። ግን ከድጃ የምታየኝ ሰው አዋቂው፣ ሕግ የበላው፣ መርማሪ ጠበቃ ያለው ሰው ነው። ያን ሰው እሷ ፊት ማፍረስ አቃተኝ።

«እኔ እንዲህ ያለ ነገር ተነግሮኝ የምዘልል ሰው ነኝ?» አልሁ። «አልነገርሽኝም።»

«ይኸው!» አለች ከድጃ። «አሁን ደግሞ ጋሼን ውሸታም ልታደርጊያቸው ነው?»

«ኧረ አልዋሹም» አለች የሺ። «ረስተውት ይሆናል።» ነጠላዋን አስተካክላ ወጣች። ከድጃም «ሰዒድን ጠንክር እለዋለሁ፣ ሐራም ነው!» እያለች ተከትላ ሄደች።

እኔ ተቀመጥሁ። ግማሽ ሰዓት ያህል ቆይቶ በሩ እንደገና ተንኳኳ። የሺ ናት። አውራ ጎዳናው ላይ ቫን ስትጠብቅ ቆይታ ተመልሳለች።

«ጋሼ፣ ልትሰድበኝ ነው ብለው እንዳይሰጉ። ወረቀት እንዲጽፉልኝ ነው» አለች። «እኔ መጻፍ አልችልም፤ ሌላ የሚጽፍልኝ ሰው የለኝም። መርማሪው ለብቻው የሚያነበው፣ እናቴ የማትሰማው ወረቀት።»

«እናትሽ ለምን አትሰማም?»

«እማዬ በየሺ ስም መምጣቴን አታውቅም። የምልከውን ብር ከባንክ የሚያወጣው አባባ ብቻ ነው። እሷ ደግሞ ፊደል አትለይም። የሺ ከሞተች በኋላ እቤታችን ውስጥ ስሟን የሚጠራ የለም፤ እማዬ አትወድም። አባባ እሷ እየሰማች ይህን ከሚናገር እስር ቤት ቢያረጅ ይሻለዋል። ዝም ያለው ለዚያ ነው።»

ወረቀት አወጣሁ። እየነገረችኝ ጻፍሁ። ስሟን፣ የእህቷን ስም፣ መታወቂያው እንዴት እንደወጣ። ከዚያ ቆም አለችና እንዲህ አለች፦

«ስለ እርስዎ ምንም እንዳይጽፉ። ‹ለጸሐፊው እውነተኛ ስሜን ደብቄያቸው ነበር› ብለው ይጻፉ። እንዲህ ከሆነ እርስዎም አይቸገሩም፣ ወረቀቱም ዛሬውኑ ይሄድልኛል።»

እኔ እንድጽፍላት ጥፋቱን በራሷ ላይ አደረገች። ወረቀቱን ለማግኘት የምትከፍለው ይኸው ብቻ ስላላት ነው። «ለጸሐፊው እውነተኛ ስሜን ደብ» ድረስ ጻፍሁ። ከዚያ እጄ እምቢ አለኝ። ስንት ሰው ላይ፣ ስንት መስሪያ ቤት ላይ ያለ ፍርሃት የጻፈ እጅ ነው። አልሄድ አለኝ።

በላዩ ላይ ሰረዝሁት። ሁለት ጊዜ፣ በወፍራሙ። ሥሩ ላይ «ለጸሐፊው ነግሬው ነበር፤ ጸሐፊው ንቆኝ አለፈ» ብዬ ጻፍሁ።

የሺ ማንበብ ስለማትችል ስርዙን ብቻ ነው ያየችው። «ምነው ጋሼ፣ ተበላሸ?»

«አልተበላሸም፤ ግን ወረቀት ብቻውን አይበቃም። ነጠላሽን ልበሺ፤ ከድጃ ጋ እንሄዳለን። ያላ!»

ሕንፃውን ዘግቼ ስወጣ በአርባ ዓመት የመጀመሪያዬ ነው። ከዛልቃ በቫን፣ ከዚያ ሰርቪስ በሚሉት የጋራ ታክሲ ጠሪቅ ኤል ጅዲዴ ደረስን። እሑድ ገበያው ተጨናንቋል፤ በብርቱካን ጋሪዎች መካከል እየተሽሎከሎክን ወደ ከድጃ ቤት አራት ፎቅ በእግር ወጣን። መብራት የለም። እኔ እየተነፈስሁ፣ የሺ ክንዴን ይዛኝ። ክንዴን የያዘችኝ እሷ መሆኗን አስቡት።

ከድጃ በሩን ከፍታ ሁለታችንን ስታይ ደነገጠች። ሳልቀመጥ ነገርኋት። «ነግራኛለች። ጥሩወርቅ ነው ስሜ ብላኛለች። ጽሕፈቴ እንዳይበላሽ ብዬ ዘለልሁት። ቅድምም የካድሁት አፍሬ ነው።»

ከድጃ በሩን ዘግታ ዞረች። «ጋሼ፣ ያኒ ውሉንም እርስዎ ጻፉት።»

«አዎ።»

«ሽማግሌውን ያሳሰረውንም አቤቱታ እርስዎ ጻፉት።»

«አዎ።»

«ሁለቱንም ወረቀት!» አለች። ከዚያ ድምጿ ተሰበረ። «እኔ ደግሞ የጓደኛዬን አባት አሳስሬ ማታ ማታ እራቴን እበላለሁ፤ ወላሂ እኔን ብሎ ሰው!» ወደ የሺ ዞረች። «አንቺስ? አሥር ዓመት አብረን ስንበላ አንድ ቀን ስምሽን አትነግሪኝም?»

«አሥር ዓመት የሺ ስትይኝ እንዴት ብዬ ላርምሽ?» አለች የሺ።

ከድጃ ለሰዒድ ደወለች። ተጨቃጨቁ፤ «አንተ ዝም በል፣ ተሳስተናል፣ አሁኑኑ ጣቢያ ሂድ» አለችው። ሄደ። እኛ ጠበቅን። ከድጃ ሻይ አፈላች፣ ማንም አልጠጣም። የሺ ዓይኗ ሰዓቱ ላይ ነው፤ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ባዕብዳ ካልደረሰች ማዳሟ በር ትዘጋባታለች። ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ላይ ስልኩ ጮኸ። ሰዒድ ጣቢያው ውስጥ ነው። ተረኛው መርማሪ አቶ ይመርን አስመጥቷል፤ ስልኩ ጠረጴዛ ላይ ድምጹ ተከፍቶ ተቀምጧል።

እኔ ቀደምሁ። «ክቡር መርማሪ፣ ስሕተቱ የእኔ ነው። ውሉንም አቤቱታውንም የጻፍሁት እኔ ነኝ።»

«አቤቱታው ይታወሰኛል። ጠበቃ ነዎት?»

«አይደለሁም። የሕንፃ ዘበኛ ነኝ።»

ከወዲያ በኩል ወንበር ሲንቀሳቀስ ተሰማ። የጻፍሁትን ሁሉ ተናገርሁ፣ ሻጭዋ በሕይወት እንዳለች፣ ስሟን ነግራኝ እንደዘለልሁት። መርማሪው አዳመጠኝ። «ጥሩ» አለ። «ይህ ከሆነ ታዲያ አባትየው ራሳቸው ለምን ሞታለች ይላሉ? እሳቸው ካላረጋገጡ የእርስዎ ቃል ዋጋ የለውም። አባት፣ የሺ ይመር ማናት?»

የሽማግሌው ድምጽ መጣ፤ ትንፋሹ ይቆራረጣል። «ልጄ ነበረች። ሞታለች ብያለሁ።»

«ቤይሩት ያለችዋስ?»

የሽማግሌው ሳል ብቻ ተሰማ።

ያን ጊዜ ከኋላ የሴት ድምጽ ሰማን። «ቤይሩት ያለችው ጥሩዬ ናት። ምን ሆነች? ጥሩዬ ምን አገኛት?»

እናትየው ናቸው። ምሳ ዕቃውን ይዘው ለባላቸው ሊያጎርሱ ገብተዋል። የሺ እጇን አፏ ላይ ጫነች።

«እማማ፣ ትንሽ ወጣ ይበሉ» አለ መርማሪው።

«አልወጣም! ስለ ልጄ አይደል የምታወሩት?»

አቶ ይመር አንድ ቃል ቢናገሩ ይፈታሉ፤ ያችን ቃል ሚስታቸው ፊት አያወጧትም። እኛ ክፍል ውስጥ ከድጃ የየሺን እጅ ይዛለች። መርማሪው «ካልተናገሩ እንግዲህ ነገ ክሱ ይነበባል» ሲል ወረቀት ሲታጠፍ ሰማሁ።

የሺ ወደ ስልኩ ጎንበስ አለች።

«አባባ፣ ንገራቸው። የሺ የምባለው እኔ ነኝ።»

«ተይ ልጄ» አሉ ሽማግሌው። «ተይ።»

«እማዬ፣ ዐሥራ ሰባት ዓመት በየሺ ስም ነው የኖርኩት። መታወቂያውን አባባ አወጣልኝ። ዕድሜዬ አልደረሰም ነበር። ለኔ ብሎ ነው። እንዳትቀየሚው።»

ከዚያ እናትየው በጣም ቀስ ብለው ጠየቁ።

«እዚያ ሰዎቹ የሺ እያሉ ነው የሚጠሩሽ?»

«አዎ እማዬ።»

«ሲጠሩሽ አቤት ትያለሽ?»

«እላለሁ።»

«በቀን ስንት ጊዜ ይጠሩሻል?»

«ኧረ እማዬ... ብዙ ጊዜ ነው። ሳህን እጠቢ፣ ልብስ ተኩሺ፣ ብዙ ነው።»

«እኔ ከቀበርኳት ወዲህ ስሟን ከአፌ አውጥቼ አላውቅም» አሉ እናትየው። «እንዳይቆሽሽብኝ ብዬ። እነሱ ሳህን እጠቢ ለማለት ሲጠሯት ኖሩ?»

በስልኩ ውስጥ ምሳ ዕቃው ጠረጴዛ ላይ ሲቀመጥ፣ ከዚያ እርምጃ ሲርቅ ሰማን። አቶ ይመር «መታወቂያውን ያወጣሁት እኔ ነኝ፤ ጻፉት» አሉ። መርማሪው ጻፈ።

ሰኞ ጧት ሰዒድ ፍርድ ቤት ቀርቦ አልተታለልሁም አለ። አቶ ይመር በዋስ ወጡ። የማታለሉ ክስ ቆይቶ ተዘጋ፤ የመታወቂያው ነገር ግን ሌላ ጥፋት ነው ተብሎ ብዙ ጊዜ አመላልሷቸዋል። ውሉ አገር ቤት እንደገና ተጻፈ፤ አንድ ገጽ፣ ሁለት ቦታ የተሰረዘ፣ በጎን «በሌላ ስሟ የሺ» ተብሎ የተጨመረበት። ፎቶውን አይቼዋለሁ፤ ጽሕፈቱ ያስቀይማል። ካርታው ግን በዚያ ወረቀት ዞረ።

እናትየው ግን ከጣቢያ ቀጥ ብለው ቤታቸው ሄደው ለቅሶ ተቀመጡ። ልጃቸው ዛሬ እንደሞተች ሁሉ ሦስት ቀን ጎረቤቱ መጥቶ አብሯቸው አለቀሰ። አቶ ይመር ከእስር የገቡት ወደዚያው ለቅሶ ነው። ሚስታቸው ምግብ ያቀርቡላቸዋል፤ አያናግሯቸውም። የታከመው ዓይናቸው ባላቸውን አያይም ነው የሚባለው። ለልጅቷ ግን እሑድ እሑድ ይደውሉላታል። ስሟን አይጠሩም፤ «ልጄ» ብቻ ይሏታል፤ የቱ ስም እንደቀራቸው እኔ አላውቅም።

የሺ ያን ቀን ባዕብዳ የደረሰችው ከመሸ ነው። ማዳሟ ሁለት ወር እሑድ ከለከለቻት። ከድጃ ግን ከፎቁ ሥር ሄዳ ትጠራታለች፤ የሺ ከበረንዳው በገመድ ቅርጫት ታወርድላታለች፤ ሙዝ፣ ዳቦ፣ ወሬ ይላላካሉ። ከድጃ ምን ብላ እንደምትጠራት ጠይቄአት «ሀቢብቲ፣ ውዴ ነው የምላት፤ ኸላስ፣ ሌላ ስም አልነካም» አለችኝ።

ለእኔ ሁለቱም ይቅርታ አድርገውልኛል። ይህ ነው የሚያስቸግረኝ። የሺ ባለፈው ሳምንት ሌላ ደብዳቤ ልታስጽፈኝ መጥታ ነበር፤ ወንበሩ ላይ ተቀምጣ «ጽሕፈትዎ እኮ ያምራል» አለችኝ። ከልቧ ነው።

እናንተ ይህን የምታነቡ፣ አንዳንዶቻችሁ እንደ እኔ ሰው የሚሰለፍላችሁ ትሆናላችሁ። ወረቀት አሳምሬ መጻፍ እችላለሁ የሚል ሰው የሚጽፈው ሰው ላይ መሆኑን ቶሎ ይረሳል። እኔ አሁንም ከማንም የተሻለ እጽፋለሁ፤ ይህንን አልክድም፤ አንድ አዛውንት ባለው ቢኮራ ምን ይገርማል። አሁን ግን ብዕር ከማንሣቴ በፊት አንድ ጥያቄ እጠይቃለሁ። «የፓስፖርትሽን ስም ተዪው፤ እናትሽ ማን ትልሻለች?» እላለሁ። ከዚያ ብዕሩን ሳላነሣ እጠብቃለሁ። ብዙዎቹ ቶሎ አይመልሱም።